ማን አስካዳት?

እንደምን አመሻችሁ። ዛሬ የማወራችሁ ስለ ድሮ ፊልሞች ነው። ግን ከእናቴ ልጀምር።

ከጥቂት ዓመታት በፊት እናቴ ልትጠይቀኝ መጥታ እኔ ጋ ሰነበተች። አንድ ማታ በጥቁርና ነጭ የተቀረጸ አሮጌ የአሜሪካ ፊልም ከፍቼ ነበር። እናቴ እንግሊዝኛ አትሰማም። ነጠላዋን ደርባ አጠገቤ ተቀምጣ አልፎ አልፎ ቀና እያለች ታያለች። መሃል ላይ አንዲት መልከ መልካም ወጣት ሱቅ ውስጥ ገንዘብ እየተቀበለች ነው። አንዲት ጠና ያለች ጥቁር ሴት በሩን ከፍታ ገባች። ልጅቷ ክው አለች። የሆነ ነገር ተናገረች።

«ምን አለች?» አለችኝ እናቴ።

«አላውቃትም አለች።»

«ማናት ሴትዮዋ?»

«እናቷ ናት።»

እናቴ ዝም አለች። እኔ «ይቺ ርጉም!» ትላለች ብዬ ጠብቄ ነበር። እናቱን የካደ ሰው በእኛ ዘንድ ምን እንደሚባል ታውቃላችሁ። ትንሽ ቆየችና እንዲህ አለችኝ፤ «ማን አስካዳት?»

ያንን ፊልም ከዚያ በፊት ደጋግሜ አይቼዋለሁ። ሁልጊዜ «ለምን ካደቻት?» እያልኩ ነበር የማየው። የእናቴ ጥያቄ ሌላ ነው። ከዚያ ማታ ወዲህ እነዚህን ፊልሞች የማየው በእሷ ጥያቄ ነው። ዛሬ የማወራውም እሱኑ ይዤ ነው። ዓመታቱን ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር እጠራለሁ፤ እንዳያደናግራችሁ።

ፊልሙ «ኢሚቴሽን ኦፍ ላይፍ» ይባላል። ዩኒቨርሳል በ1934 ያወጣው ነው። ያዘጋጀው ጆን ስታል ነው። ታሪኩ ባጭሩ ይህ ነው። ባሏ የሞተባት አንዲት ነጭ ሴት አለች። ደሊላ የምትባል ጥቁር ሴት ቤቷ ገብታ ታገለግላታለች። ሁለቱም ትንንሽ ሴት ልጆች አሏቸው። ደሊላ ጥሩ ፓንኬክ ትሠራለች። ነጯ በደሊላ ሙያ ንግድ ትከፍትና ሀብታም ትሆናለች። ለደሊላ 20 በመቶ ልስጥሽ ትላታለች። ደሊላ ከቤቱ መውጣት አልፈልግም ብላ እዚያው ምድር ቤት ትኖራለች። ስለዚህ 20 በመቶ ብቻዬን ስሆን ብዙ አስባለሁ። ያለ ደሊላ እጅ ንግዱ የለማ!

የደሊላ ልጅ ፒዮላ ናት። ቆዳዋ ነጭ ይመስላል። ትምህርት ቤት ማንም ጥቁር መሆኗን አያውቅም። አንድ ቀን ዝናብ ይጥላል። ደሊላ ልጄ ትበሰብስብኛለች ብላ የዝናብ ልብስ ይዛ ክፍሉ በር ላይ ትመጣለች። አስተማሪዋ እዚህ ክፍል ጥቁር ልጅ የለችም ትላታለች። ፒዮላ ፊቷን በመጽሐፍ ጋርዳ ተቀምጣለች። የእናት ደግነት ልጅን ሲያጋልጥ ያየሁበት ፊልም ይሄ ነው። ልጅሽ እንዳትበርዳት ብለሽ ሄደሽ ሕይወቷን አፍርሰሽ ትመለሺያለሽ።

ፒዮላ ስታድግ ከቤት ትጠፋለች። ነጭ መስላ ሥራ ትገባለች። እናቷ ፈልጋ ስታገኛት ያችን «አላውቃትም» ትላለች። በኋላ ደግሞ መንገድ ላይ ብታገኚኝ እንኳ እንዳላየ ሆነሽ እለፊኝ ብላ ትለምናታለች። ደሊላ በሐዘን ትሞታለች። ቀብሩ ላይ ፒዮላ ሕዝቡን ሰንጥቃ መጥታ ሬሳ ሳጥኑ ላይ ትደፋለች። በዚያ ዘመን አሜሪካ ውስጥ ሲኒማ ቤት ሞልቶ የተለቀሰበት ፊልም ነው።

ይህን ነገር በእንግሊዝኛ «ፓሲንግ» ይሉታል። ማለፍ ማለት ነው። እኔ ስሰማው ኬላ ማለፍ የሚለው ነው ትዝ የሚለኝ። ኬላ የሌለበት አገር ማንም «አለፈ» አይባልም። ዝም ብሎ ሄደ ነው የሚባለው። ስለዚህ መጀመሪያ ኬላውን ማን እንዳቆመው እንይ።

በ1892 ሆሜር ፕሌሲ የሚባል የሉዊዚያና ሰው ባቡር ላይ የነጮች ፉርጎ ውስጥ ገብቶ ተቀመጠ። ከ8 ቅድመ አያቶቹ አንዷ ብቻ ነበረች ጥቁር። መልኩን ያየ ሰው አይጠረጥረውም። ሕጉን ለመፈተን ሆን ብሎ ነው የገባው፤ ጥቁር ነኝ አለ፤ ተያዘ። ጉዳዩ እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሰ። በ1896 ተፈረደበት። በ1924 ደግሞ የቨርጂኒያ ግዛት አንዲት ጠብታ የጥቁር ደም ያለበት ሰው ነጭ አይባልም የሚል ሕግ አወጣ። ከነጭ ጋር መጋባትም ወንጀል ነበር። የአሜሪካ የሕዝብ ቆጠራ እስከ 1920 ድረስ ክልሶችን የሚመዘግብበት «ሙላቶ» የሚል ቃል ነበረው። በ1930 ቃሉ ወጣ። እኛ ክልስ የምንለው ሰው በመንግሥት መዝገብ ላይ ቦታ አጣ። ወይ ነጭ ነህ ወይ ጥቁር ነህ፤ መሃል የሚባል ነገር የለም።

በቃ፣ ኬላው ይሄ ነው። ከዚህ ወዲያ ያለው ሥራ ነው፣ ደመወዝ ነው፣ የሚከራይ ቤት ነው፣ ጥሩ ትምህርት ቤት ነው፣ ሳይፈሩ መንገድ ላይ መሄድ ነው። ከዚህ ወዲህ ያለችው እናት ናት።

ሆሊውድም የራሱን ኬላ አቆመ። በ1930 የፊልም ኩባንያዎቹ በዊል ሄይስ መሪነት የሚከለከሉ ነገሮችን ዝርዝር ተስማሙበት። ከ1934 አጋማሽ ጀምሮ ጆሴፍ ብሪን የሚባል ሰው በጥብቅ ያስፈጽመው ጀመር። ከክልከላዎቹ አንዱ የነጭና የጥቁር የፍቅርና የአልጋ ግንኙነት በፊልም እንዳይታይ ነው። የፒዮላ ታሪክ ለብሪን ቢሮ ሲቀርብ ትልቅ ጭንቀት ፈጠረ። ልብ በሉ፤ ፊልሙ ውስጥ ጥቁርና ነጭ የሚፋቀሩበት አንድም ቦታ የለም። ያስጨነቃቸው የልጅቷ ፊት ነው። ይቺ ልጅ እንዲህ ነጭ የሆነችው ከየት መጥታ ነው? ተመልካቹ ቢጠይቅስ? ፊልሙ መልስ አዘጋጀ። ደሊላ የልጄ አባት በጣም ቀላ ያለ ጥቁር ሰው ነበር ትላለች። ያቺ አንድ ዓረፍተ ነገር ፊልሙን አሳለፈችው። አባትየው በአንድ ዓረፍተ ነገር ተሸፈነ። እናትየው ግን ሁለት ሰዓት ሙሉ ተካደች።

እናቴ የጠየቀችው እዚህ ጋ ይመስለኛል መልስ ማግኘት የሚጀምረው። እነዚህ ፊልሞች የእናትን መካድ ደጋግመው ያሳዩናል። የአባትን መደበቅ ግን አያሳዩንም። ራሳቸው ናቸው የደበቁት።

አሁን ስለ ተዋናይቷ ልንገራችሁ። ፒዮላን የሠራችው ፍሬዲ ዋሽንግተን ናት። በ1903 ጆርጂያ ግዛት ሳቫና ከተማ ተወለደች። አረንጓዴ ዓይን ነበራት። ቆዳዋ ከነጮቹ ተዋንያን አይለይም። ልጅ ሳለች እናቷ ሞተችባት። ታናናሾቿን ስታሳድግ ቆየች፤ ከዚያ እሷና እህቷ ኢዛቤል ፔንሲልቫኒያ የሚገኝ የመነኮሳት ትምህርት ቤት ተላኩ። በኋላ ኒውዮርክ፣ ሃርለም ገባች። ዳንሰኛ ሆነች። በ1929 ከጃዝ ሙዚቀኛው ዱክ ኤሊንግተን ጋር አጭር ፊልም ሠራች። የኤሊንግተን ባንድ የትሮምቦን ተጫዋች የነበረውን ሎረንስ ብራውንን አገባች። በነገራችን ላይ ኤሊንግተን በ1973 አዲስ አበባ መጥቶ ነበር፤ ከሙላቱ አስታጥቄ ጋር ተገናኝቷል፣ ጃንሆይም ሸልመውታል። ስሙን የምታውቁት አላችሁ ብዬ ነው።

በ1933 ፍሬዲ «ዘ ኤምፐረር ጆንስ» በሚባል ፊልም ከፖል ሮብሰን ጋር ሠራች። የሄይስ ቢሮ ፊልሙን አይቶ ደነገጠ። ሮብሰን ጥቁር ነው። ያቀፋት ሴት ስክሪኑ ላይ ነጭ መሰለች። እና ምን ተደረገ? ፍሬዲን ጥቁር ቀለም ቀብተው እንደገና ቀረጿት። አስቡት፤ ጥቁር ሴት ጥቁር እንድትመስል ቀለም ተቀባች። ከአንድ ዓመት በኋላ ደግሞ ነጭ በመምሰሏ ፒዮላን እንድትሠራ ተመረጠች።

ይህን ለመረዳት የዚያን ዘመን ፊልም አሠራር ትንሽ ማወቅ ያስፈልጋል። ጥቁርና ነጭ ፊልም የቆዳን ቀለም አያውቅም። የሚያውቀው ግራጫን ነው። እስከ 1920ዎቹ አጋማሽ ድረስ በብዛት ይሠራበት የነበረው ፊልም ደግሞ ቀይ ብርሃን ጭራሽ አይሰማውም ነበር። ቀላ ያለ ፊት ጠቁሮ ይወጣል፤ ሰማያዊ ዓይን ነጣ ይላል። ነጮቹ ተዋንያን ራሳቸው ነጭ ለመምሰል ፊታቸውን በወፍራም ቅባትና ዱቄት ይሸፍኑ ነበር። ስለዚህ ስክሪን ላይ ነጭ ማን እንደሆነ የሚወስነው ቆዳ ብቻ አልነበረም። መብራቱ፣ ቅባቱና ካሜራውን የያዘው ሰው አብረው ይወስናሉ። እነዚህ ሁሉ ደግሞ በስቱዲዮው እጅ ናቸው። ኩባንያው የፈለገውን ያነጣል፤ የፈለገውን ያጠቁራል።

ወደ ፍሬዲ ልመለስ። «ኢሚቴሽን ኦፍ ላይፍ» ምርጥ ፊልም ተብሎ ለኦስካር ታጨ። ስሟ ገነነ። የሆሊውድ ሰዎች ነጭ ነኝ ብትይ ትልቅ ኮከብ ትሆኛለሽ እንዳሏት ይነገራል። እምቢ አለች። ጥቁር ነኝ፣ በዘሬም እኮራለሁ እያለች በጋዜጣ ተናገረች። ብዙ ሰው ደግሞ ፒዮላን እሷ ራሷ ናት ብሎ አሰበ። ጥቁሮች ሳይቀሩ ዘሯን የጠላች ናት ብለው አሟት። ይሄ በጣም ያሳዝነኛል። እናቷን በልጅነቷ የቀበረች ሴት «አላውቃትም» የሚለውን ቃል በደንብ ስላለችው እውነት መሰላቸው።

ከዚያ በኋላ የሚሰጣት ሥራ ጠፋ። ለገረድነት ቦታ መልኳ አይሆንም። ለፍቅረኛነት ቦታ ከነጭ ወንድ ጋር መሳም ክልክል ነው። ከጥቁር ወንድ ጋር ስትሆን ደግሞ ነጭ ትመስላለች። የመጨረሻ ፊልሟ የወጣው በ1937 ነው። በዚያ ፊልም አንዲት ነጭ ሕፃን የምታሳድግ ጥቁር ሴት ሆና ትሠራለች። እናቷ እኔ ነኝ ትላለች። አንዲት ጋዜጠኛ አላምንሽም ብላ ትከታተላታለች። የፍሬዲ የሆሊውድ ዘመን በእነዚህ ሁለት ፊልሞች መሃል ነው። በአንዱ እናቴን አላውቃትም አለች። በሌላው እናት ነኝ አለች፣ የሚያምናት ጠፋ። ያኔ 33 ዓመቷ ነበር።

በዚያው ዓመት ጥቁር ተዋንያን ማኅበር ሲያቋቁሙ ከመሥራቾቹ አንዷ ሆነች። ጸሐፊያቸውም ነበረች። በ1940ዎቹ ሃርለም ውስጥ «ዘ ፒፕልስ ቮይስ» በሚባል ጋዜጣ ላይ ስለ ቴአትርና ፊልም ትጽፍ ነበር። የጋዜጣው መሥራች አዳም ክሌይተን ፓወል ነው፤ በኋላ ከኒውዮርክ የመጀመሪያው ጥቁር የኮንግረስ አባል የሆነው። የእህቷ የኢዛቤል ባል ነበር። ሁለቱ በ1933 የተጋቡት የት መሰላችሁ? አቢሲኒያን ባፕቲስት ቤተ ክርስቲያን። በእኛ አገር ስም የተሰየመችው፣ በ1808 የተመሠረተችው። ሲወርድ ሲዋረድ እንደመጣው ታሪክ ከሆነ ከመሥራቾቿ መካከል የሐበሻ ነጋዴዎች ነበሩ። ነጮች ለብቻችሁ ተቀመጡ ሲሏቸው ጥለው የወጡ ሰዎች ናቸው የመሠረቷት። ፓወል ራሱም በጣም ቀይ ሰው ነበር። ኮልጌት ዩኒቨርሲቲ ሲገባ ለተወሰነ ጊዜ ነጭ መስሎ ኖሯል። በኋላ ታወቀበት። ይህን የማነሳው እሱን ለመኮነን አይደለም። በአንድ ቤተሰብ ውስጥ፣ በአንድ ማዕድ ዙሪያ፣ አንዱ ሞክሮት አንዷ እምቢ እንዳለች እንድታዩት ነው። ኬላው ሁሉም ደጅ ላይ ነበር።

እስካሁን የነገርኳችሁ ነጮች ስለሠሯቸው ፊልሞች ነው። ጥቁሮች ራሳቸው የሠሯቸውስ?

ኦስካር ሚሾን አንሥቼ ብዙ ማውራት እፈልጋለሁ፤ ሰዓቱ ግን አይፈቅድልኝም። በ1884 የተወለደ፣ ሳውዝ ዳኮታ ሄዶ መሬት ያረሰ፣ ልብወለድ ጽፎ እየዞረ የሸጠ፣ ኋላም የፊልም ጥቅሉን ተሸክሞ ከከተማ ከተማ እየሄደ ያሳየ ሰው ነው። ከ40 በላይ ፊልም ሠርቷል። አብዛኛው ጠፍቷል። ክልሶችና ነጭ መስለው የሚያልፉ ሰዎች ከፊልሞቹ አይጠፉም።

በ1920 ከሠራቸው አንዱ «ዊዚን አወር ጌትስ» ነው፤ በደጃችን ውስጥ እንደማለት። አንዲት ክልስ ሴት አለች። አንድ ሀብታም ነጭ ሊደፍራት ይታገላታል። ልብሷ ሲቀደድ ደረቷ ላይ ያለ ጠባሳ ያያል። ክው ብሎ ይቀራል። ጠባሳውን ያውቀዋል። ልጁ ናት።

ይህን ትዕይንት መጀመሪያ ሳየው ወንበሬ ላይ ደርቄ ቀረሁ። የብሪን ቢሮ በ1934 እንዳይነገር የፈለገውን ነገር ሚሾ ከ14 ዓመት በፊት ሲኒማ ቤት ውስጥ ዘርግቶት ነበር። ቀይ ቆዳ ከየት መጣ? ከዚህ መጣ። አባትየው እነሆ። እናትን የሚያስክደው ሕግ የዚህን ሰው ስም ለመሸፈን የተሰፋ ልብስ ነው። ሚሾ ልብሱን ገለጠው።

ፊልሙም ራሱ ጠፍቶ ነበር። በ1970ዎቹ ማድሪድ ውስጥ በስፓኝ የፊልም ማኅደር «ላ ኔግራ» በሚል ስም ተገኘ፤ ጥቁሯ ማለት ነው። ስሙን ቀይሮ ሰው አገር ተቀምጦ ነው የተረፈው። በ1993 ታድሶ አገሩ ገባ።

በዚያው በ1920 የሠራው ሌላ ፊልም ላይ ነጭ መስሎ የሚኖር ድሪስኮል የሚባል ሰው አለ። ጥቁር ሲያይ ይጠላል፣ ያሰቃያል። አንዲት ነጭ ሴት ላግባሽ ሊል ሲል እናቱ ትመጣበታለች። ምስጢሩ ይወጣል። ንዴቱን በእናቱ ላይ ያወርደዋል። እዚህም መታወቂያው እናት ናት። ሚሾ ላይ ቅሬታ አለኝ። መልካም ሰዎቹን ቀይ ቀይ ሰዎች አድርጎ መምረጥ ይወድ ነበር። በ1938 ደግሞ «ጎድስ ስቴፕ ችልድረን» በሚል ፊልም ዘሯን የጠላችውን ክልስ ሴት ወንዝ ውስጥ ጨመራት። ኒውዮርክ ላይ ሰልፍ ተወጥቶበት ፊልሙ ከሲኒማ ቤት ወረደ። እኔም ያን መጨረሻ አልወደውም። በዚያ ዘመን ፊልም ክልስ ሴት ወይ ትሞታለች ወይ ሬሳ ላይ ታለቅሳለች። ቤቷ ገብታ ቡና የምታፈላበት ፊልም አላየሁም።

አሁን ከባዱ ጋ ደረስኩ።

መርል ኦቤሮን ትባላለች። በ1930ዎቹ ከነበሩት ውብ ተዋንያን አንዷ ናት። በ1935 በሠራችው «ዘ ዳርክ ኤንጀል» በተሰኘ ፊልም ምርጥ ሴት ተዋናይ ተብላ ለኦስካር ታጨች። በ1939 ከሎረንስ ኦሊቪየ ጋር «ዋዘሪንግ ሃይትስ» ላይ ሠራች። የት ተወለድሽ ሲሏት አውስትራሊያ፣ ታዝማኒያ ደሴት፣ ሆባርት ከተማ ትላለች። የልደት ወረቀቴ በእሳት ተቃጠለ ትላለች። ለምን ታዝማኒያ? ሩቅ ነው፣ የእንግሊዝ ነው፣ ሄዶ የሚያጣራ የለም።

የተወለደችው በ1911 ቦምቤይ ነው፤ ሕንድ። ያደገችው ካልካታ። አባቷ እንግሊዛዊ ነበር። ያሳደገቻት ሻርሎት ከሲሎን፣ ከዛሬዋ ስሪላንካ የመጣች ክልስ ሴት ናት። ካልካታ ውስጥ ጥሩ ትምህርት ቤት ነፃ ዕድል አግኝታ ገብታ ነበር። ልጆቹ በዘሯ እየሰደቧት ትታ ወጣች። ትምህርት ቤት ያለው ኬላ ፊልም ላይ ብቻ አልነበረም።

ለንደን ስትገባ ሻርሎትም አብራት መጣች። እንግዳ ሲመጣ ሻርሎት ገረድ ናት። ነጭ ሽርጥ ታጥቃ ሻይ ታቀርባለች። ሰው እንዳይሰማቸው የሚነጋገሩት በሂንዲ ነው። ይህን የቤቱ እንግዶች የነበሩ ሰዎች በኋላ አውርተውታል። ሻርሎት በ1937 ሞተች።

ቆይቶ ሌላ ነገር ወጣ። ቦምቤይ መዝገብ ቤት የልደት ወረቀቱ ተገኘ። ወላጇ ሻርሎት አልነበረችም። ወላጅ እናቷ የሻርሎት ልጅ ነበረች፣ ገና ልጅ ሳለች የወለደቻት። ሻርሎት ልጇን ከሐሜት ልታድን የልጅ ልጇን ልጄ ናት ብላ አሳደገች። እንግዲህ አስቡ። አንዲት ሴት አያት ሆና ሳለ እናት ተባለች። ቀጥላ እናት ሆና ሳለ ገረድ ተባለች። ሁለቱንም ጊዜ ዝም ብላ ተሸከመችው።

ኦቤሮን በ1949 የሻርሎትን አሮጌ ፎቶ ለሠዓሊ ሰጠች። ሥዕል አሠራች። ቆዳዋን አንጣልኝ አለችው። ያ ሥዕል እስክትሞት ድረስ በኖረችባቸው ቤቶች ሁሉ ግድግዳ ላይ ተሰቅሎ ነበር። እኔ ይህን ሳነብ ለረጅም ጊዜ ተናደድኩባት። አሁን አልናደድም። ፎቶውን ማቃጠል ትችል ነበር። ምንም ሳይሰቅሉ መኖርም ይቻላል። እሷ ግን እናቷን ሳሎን ውስጥ ማስገባት ፈለገች። የምታስገባበት መንገድ ይሄ ብቻ መሰላት።

የእሷም ፊት በሌሎች እጅ ነበር። ቆዳን የሚያነጣ፣ መርዝነት ያለው ቅባት ትቀባ እንደነበር ተጽፏል። በ1937 የመኪና አደጋ ደርሶባት ፊቷ ተጎዳ። በኋላ ያገባችው የካሜራ ባለሙያው ሉሲየን ባላርድ ጠባሳዋን የሚደብቅ ትንሽ መብራት ሠራላት። ከካሜራው አጠገብ ተተክሎ ፊት ለፊት የሚያበራ ነው። በስሟ «ኦቢ» ይባላል። ዛሬም የፊልም ባለሙያዎች ይጠቀሙበታል። በ1978 ሆባርት ከተማ «የኛ ልጅ» ብላ ግብዣ አደረገችላት። በሚቀጥለው ዓመት ሞተች። እውነቱ በመጽሐፍ የወጣው ከሞተች ከ4 ዓመት በኋላ ነው። በ2023 የማሌዥያዋ ተዋናይ ሚሼል ዮ ኦስካር ስታሸንፍ የኦቤሮን ስም እንደገና ተነሣ። ጋዜጦቹ ከእስያ የመጀመሪያዋ ታጪ ማናት ብለው ሲቆጥሩ፣ ከሁሉም ፊት የተገኘችው ሕይወቷን ሙሉ ከእስያ አይደለሁም ስትል የኖረችው ሴት ናት።

ወንዶችም ነበሩ። ሲልቬስተር ሎንግ በ1890 ኖርዝ ካሮላይና ተወለደ። ቤተሰቡ የቀይ ሕንዶች፣ የነጭና የጥቁር ደም አለበት ይባላል። በከተማው ግን ጥቁር ተብለው ነው የሚኖሩት። አባቱ የትምህርት ቤት ጽዳት ሠራተኛ ነበር። ልጁ ከቤት ወጣ፤ የቀይ ሕንዶች አለቃ ሎንግ ላንስ ነኝ አለ። የሕይወት ታሪኩን ጻፈ። በ1930 «ዘ ሳይለንት ኤነሚ» በሚባል ፊልም ዋና ተዋናይ ሆነ። ኒውዮርክ ጨፈረችለት። ከዚያ ጥርጣሬ መጣ። በ1931 ወንድሙ ፈልጎ አገኘው፤ አባታችን ታሟል አለው። ቤተሰቡን ካየ ከ20 ዓመት በላይ ሆኖታል። ገንዘብ ላከ። አልሄደም። ቢሄድ ማን እንደሆነ ይታወቃላ። በ1932 ካሊፎርኒያ ውስጥ በሽጉጥ ሞቶ ተገኘ።

ስለ አገራችን አንድ ነገር ብዬ ላብቃ። ምክንያቱም በእነዚሁ ዓመታት ኬላው እኛም ጋ መጥቶ ነበር። ጣሊያን በ1937 ጣሊያናዊ ወንድ ከሐበሻ ሴት ጋር እንደ ባልና ሚስት ቢኖር እስከ 5 ዓመት የሚያሳስር ሕግ አወጣ። በ1938 ኢትዮጵያ ውስጥ የሚካሄድ ታሪክ ያለው የጣሊያን ፊልም ወጣ። ክልሷን ሴት ሆና የሠራችው ዶሪስ ዱራንቲ የምትባል ጣሊያናዊት ናት። በ1940 ደግሞ ሌላ ሕግ መጣ። ጣሊያናዊ አባት ከሐበሻ የወለደውን ልጅ ልጄ ነው ማለት ተከለከለ። ልጁን የማሳደግ ወጪ በእናትየው ላይ ወደቀ። ሆሊውድ አባትየውን በአንድ ዓረፍተ ነገር ደበቀው፤ ሮም በአንድ አዋጅ። ሁለቱም ጋ ልጁን ይዛ የቀረችው እናት ናት። ከእናንተ መካከል አያታችሁ ወይም ጎረቤታችሁ እንዲህ ያደገ ይኖራል። እነዚያን እናቶች በስማቸው የጻፈ ሰው ቢገኝ ደስ ይለኛል።

ንግግሩ እዚህ ላይ አበቃ። የቀረውን የምጽፈው ከጥያቄዎቹ ሁለቱን መተው ስላልቻልኩ ነው።

አንድ አባት ተነሥተው «ልጄ፣ ያቺን ሕንዳዊት ግን ትፈርጂባታለሽ ወይስ አትፈርጂባትም?» አሉኝ። እንዲህ ብዬ መለስኩላቸው። ሻርሎት ሽርጥ ታጥቃ ሻይ ስታቀርብ ሳስብ እፈርድባታለሁ። ያቺ ልጅ ከካልካታ ትምህርት ቤት እያለቀሰች ስትወጣ ሳስብ አልችልም። ሁለቱም አብረው ውስጤ አሉ። እሳቸውም «እኔም እንዲሁ ነኝ» ብለው ተቀመጡ።

ከኋላ የተቀመጠች አንዲት ወጣት ደግሞ «ፍሬዲ ግን ያን መልኳን አንድም ቀን ተጠቅማበት አታውቅም?» አለችኝ።

ተጠቅማበታለች። ከኤሊንግተን ባንድ ጋር በደቡብ ግዛቶች ሲዞሩ ነው አሉ። ሙቀት ነው። መንገድ ላይ አይስክሬም ቤት አለ፤ ጥቁር አይገባም። ኤሊንግተንና የባንዱ ልጆች ውጭ ቆመዋል። ፍሬዲ ብቻዋን ገባች። ማንም ምንም አላላትም። ለሁሉም የሚሆን አይስክሬም ገዛች። ይዛ ስትወጣ ለእነዚያ ጥቁሮች ስታድል ያዩ ነጮች ይሰድቧት ጀመር። እሷ ማደሏን አላቋረጠችም።